ጫማ ከተሰቀለ በኋላ ያለው ደሞዝ

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

የስፖርት ገጾቻችን ጫማቸውን ስለሰቀሉ ተጫዋቾች ሲጽፉ ሁለት ዓይነት ሰው ብቻ ያሳዩናል። አንዱ ቪላ የሠራው ኮከብ ነው። ሌላው ታሞ ወይም ተቸግሮ «ወገን ይድረስልኝ» የሚለው ነው። ኳስን እንደ ማንኛውም ሙያ 15 እና 20 ዓመት ሠርቶ፣ ስሙ ሳይጠራ የወጣው ብዙኃኑ ተጫዋች ግን አይነሳም። ይህን ደብዳቤ የምጽፈው ስለዚህ ሰው ነው። ምሳሌውን የወሰድኩት ከሆላንድ ነው፤ ምክንያቱም ሆላንዶች የኳስ ሥራ በ30ዎቹ ዕድሜ አጋማሽ እንደሚያልቅ አስቀድመው አምነው ለዚያ ቀን አሠራር ካበጁ ከ50 ዓመት በላይ ሆኗቸዋል። ዓመቶቹን የጻፍኩት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

የማንቸስተር ዩናይትድ ደጋፊ የሆነ አንባቢ ራይሞንድ ቫን ደር ጋውን ያስታውሰዋል፤ የፒተር ሽማይክል ተጠባባቂ የነበረው ረጅሙ ሆላንዳዊ በረኛ ነው። በመጋቢት 1963 ኦልደንዛል ተወለደ። በ1985 ጎ አሄድ ኢግልስ ገባ፤ በ1988 ወደ አርንሄሙ ክለብ ቪተስ ተሻገረ። ቪተስ በዚያው የውድድር ዓመት የሁለተኛውን ዲቪዚዮን ዋንጫ ወስዶ ወደ አገሪቱ ከፍተኛ ሊግ ኤረዲቪዚ አደገ፤ እሱም እዚያ ስምንት ዓመት ቆየ። ለብሔራዊ ቡድን ዋና በረኛ ሆኖ አያውቅም። በ1996 ክረምት፣ በ33 ዓመቱ፣ የማንቸስተር ዩናይትድ አሰልጣኝ ሰር አሌክስ ፈርጉሰን አስፈረሙት። ሶልሻየርና ጆርዲ ክራይፍም የመጡት በዚያው ክረምት ነው።

በዩናይትድ ሜዳ በኦልድ ትራፎርድ ያሳለፋቸውን ስድስት ዓመታት በቁጥር እንያቸው። በሊጉ በመጀመሪያው ዓመት 2 ጨዋታ፣ በሁለተኛው 5፣ በሦስተኛው 5፣ ሽማይክል በሄደበት በ1999/2000 14፣ አዲሱ በረኛ ባርቴዝ በመጣበት ዓመት 10፣ በመጨረሻው 1 ተጫወተ። ድምሩ 37 ነው፤ ቡድኑ በእነዚያ ዓመታት ያደረጋቸው የሊግ ጨዋታዎች ደግሞ 228 ናቸው። በባርሴሎናው የ1999 የቻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜ ተቀያሪ ወንበር ላይ ነበር። በዚያን ጊዜ የሊጉን ሜዳሊያ ለማግኘት ቢያንስ 10 ጨዋታ መጫወት ግድ ስለነበር፣ ዩናይትድ የሊጉን፣ የኤፍኤ ካፑንና የቻምፒዮንስ ሊጉን ዋንጫ በአንድ ላይ ባነሳበት ዓመት 5 ጨዋታ ብቻ የነበረው በረኛ ያንን መስፈርት አላሟላም፤ ያሟላው በቀጣዩ ዓመት፣ ዋናው በረኛ ቦስኒች ሲጎዳ ነው። በሚያዝያ 2000 የሪያል ማድሪዱ ሬዶንዶ በተረከዙ የዩናይትዱን ተከላካይ በርግን አልፎ ለራውል ያቀበላትን ኳስ ያላየ የለም፤ ሪያል ማድሪድ 3 ለ 2 ባሸነፈበት በዚያ ምሽት የዩናይትድን ግብ ይጠብቅ የነበረው እሱ ነው። በግንቦት 2002 ከቻርልተን ጋር ተቀይሮ ሲገባ 39 ዓመቱን ይዞ ነበር፤ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ለዩናይትድ የተሰለፈ በዕድሜ ትልቁ ተጫዋች ሆነ። ይህን ክብረ ወሰን በኋላ የወሰደው የአገሩ ልጅ ኤድዊን ቫን ደር ሳር ነው።

«ወንበር ላይ ተቀምጦ ደሞዝ የሚበላ» የሚባለው ተጠባባቂ በረኛ ሥራው ምን እንደሆነ ካላወቅን እነዚህ ቁጥሮች ትርጉም አይኖራቸውም። በጨዋታ ቀን ዋናውን በረኛ ከሚያሟሙቁት አንዱ እሱ ነው። መጀመሪያ ደረት ላይ የሚያርፉ ቀላል ኳሶች፣ ቀጥሎ በቀኝና በግራ መሬት የያዙ፣ ከዚያ ከክንፍ የሚሻገሩ፣ በመጨረሻም ከሳጥኑ ጫፍ ጠንከር ያሉ ምቶች ይላካሉ። ምቱ ከበዛና ከከረረ ዋናው በረኛ ጨዋታው ሳይጀመር ይደክማል፤ ከላላ ደግሞ እጁ ሳይሞቅ ይገባል። ሳምንቱን ሙሉ አጥቂዎቹ ጎል ማግባት የሚለማመዱት በእሱ ላይ ነው። በአንድ ልምምድ በርካታ ደርዘን ጊዜ ስለሚወድቅ ቀድሞ የሚያልቀው ዳሌውና ትከሻው ነው፤ በሁለተኛ ደረጃ ደግሞ ጣቶቹ። የጓንቱ መዳፍ ለስላሳ ላቴክስ በመሆኑ በደረቁ አይይዝም፤ ከጨዋታ በፊት ውኃ መንካት አለበት፤ ካልነካ ኳሱ ይንሸራተታል፣ ላቴክሱም ቶሎ ይላጣል።

ከሁሉ የሚከብደው ሳይታሰብ መግባት ነው። በ2000/01 ከተጫወታቸው 10 ጨዋታዎች 5ቱ ተቀይሮ የገባባቸው ናቸው። አንድ ሰዓት ተቀምጦ የቀዘቀዘ በረኛ የመጀመሪያ ፈተናው አብዛኛውን ጊዜ ምት ሳይሆን ከክንፍ የሚሻገር ኳስ ነው፤ ተጋጣሚ ቡድን አዲስ በረኛ ሲያይ ሆን ብሎ ከፍ ያለ ኳስ ይልክበታል። ልውጣ ወይስ መስመሬ ላይ ልቅር የሚለው ውሳኔ ደግሞ የጨዋታ ልማድ ይፈልጋል፤ ልምምድ ብቻ አያመጣውም። ጥሩ ተጠባባቂ በየ15 ደቂቃው ተነስቶ ትከሻውን የሚያዞረውና በእግሩ ኳስ የሚነካው ለዚህ ነው። ቫን ደር ጋው 29 ዓመት የሞላው በ1992 ነው፤ በረኛ ከጓደኛው እግር የተመለሰለትን ኳስ በእጁ እንዳይዝ የከለከለው ሕግ የወጣውም በዚያው ዓመት ነው። ለዓመታት በእጁ ሲይዘው የኖረውን ኳስ በእግሩ መጫወት እንደ አዲስ መማር ነበረበት።

ከማንቸስተር ወደ ዌስትሃም ሄደ፤ እዚያ በሊጉ አልተሰለፈም። ከዚያ ወደ አገሩ ተመልሶ በአርካሴ ዋልቫይክ፣ ቀጥሎም በአፕልዶርን ከተማው አጎፍ ዕድሜው 40ን ካለፈ በኋላ ተጫወተ። ሮይ ኪን ሰንደርላንድን ሲያሰለጥን የበረኞች አሰልጣኝ አድርጎ ወሰደው፤ በኋላም ቪተስ በዚሁ ሥራ ቀጠረው። ይህ መንገድ ለበረኛ ክፍት ነው፤ ለመስመር አጥቂ ያን ያህል አይደለም። አንድ ቡድን የበረኞች አሰልጣኝ የግድ ያስፈልገዋል፤ ተጠባባቂ በረኛ ደግሞ ሥራውን ከነዝርዝሩ ሲሠራው ስለኖረ ፈቃዱን ካወጣ ማንም አይቀድመውም። የአውሮፓ እግር ኳስ ማኅበር ዩኤፋ ለበረኛ አሰልጣኞች ለብቻው የተዘጋጀ የቢ እና የኤ ፈቃድ አለው።

አጎፍን ያነሳሁት በሌላም ምክንያት ነው። በ2003 ወደ ፕሮፌሽናል ሊግ ተመልሶ የገባው ይህ ትንሽ ክለብ በኋላ ኮከብ የሆኑትን አጥቂዎች ሁንቴላርንና ድሪስ ሜርተንስን ገና በጠዋቱ ያጫወተ ነው። በጥር 2013 ግን ከሰረ፤ የዚያ ዓመት ውጤቱም ከሰንጠረዡ ተሰረዘ። ሃርለም በ2010፣ አርቤሴ ሮዘንዳል በ2011 ቀድመውት ነበር፤ ፌንዳም በመጋቢት 2013 ተከተለ። በሆላንድ ክለብ ሲከስር ተጫዋቹ እንደማንኛውም ሠራተኛ ነው የሚታየው። ፍርድ ቤት የሾመው አጣሪ ውሉን ቢበዛ በስድስት ሳምንት ማስጠንቀቂያ ያቋርጣል። የመንግሥት የሠራተኞች መድን መሥሪያ ቤት ወደ ኋላ እስከ 13 ሳምንት ያልተከፈለ ደሞዝ፣ የማስጠንቀቂያ ጊዜውን ደሞዝ፣ እስከ አንድ ዓመት ድረስ ያልተከፈለ የዕረፍት ገንዘብና የጡረታ መዋጮ ይሸፍናል። ውሉ ላይ የቀሩት ሁለትና ሦስት ዓመታት ግን አይከፈሉም። ጊዜውም ያዳላል። በጥር የከሰረ ክለብ ተጫዋች የዝውውር መስኮቱ ሳይዘጋ ሌላ ቡድን ሊፈልግ ይችላል፤ በመጋቢት ለከሰረበት ግን መስኮቱ ተዘግቷል።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ ልምጣ። በሆላንድ ኳስ በክፍያ መጫወት የተፈቀደው በ1954 ነው። ፌፌሴኤስ የተባለው የተጫዋቾች ማኅበር በ1961 ተቋቋመ፤ በ1972 ደግሞ የኮንትራት ተጫዋቾች ፈንድ ተመሠረተ። አሠራሩ ይህ ነው፦ በሆላንድ ክለብ ፕሮፌሽናል ውል ያለው ተጫዋች ገቢው ከተወሰነ ጣሪያ ሲያልፍ፣ ከጣሪያው በላይ ካለው ከፍ ያለ ድርሻ በግዴታ ወደ ፈንዱ ይገባል፤ ጉርሻም ይነካል። ተጫዋቹ «እኔ ራሴ አስቀምጣለሁ» ማለት አይችልም፤ በኅብረት ስምምነቱ የታሰረ ነው። ገንዘቡ ሲቆረጥ ግብር አይከፈልበትም፤ ግብሩ የሚከፈለው ተጫዋቹ ሥራውን አቁሞ በየወሩ መቀበል ሲጀምር ነው። ልዩነቱ ቀላል አይደለም፤ በ25 ዓመቱ ከፍተኛ ደሞዝ ላይ ሆኖ ሊከፍለው የነበረውን ከባድ ግብር፣ በ36 ዓመቱ ገቢው ሲያንስ በዝቅተኛው እርከን ይከፍለዋል።

እንደ ዕቁብ ተራ የሚጠበቅበት አይደለም፤ እያንዳንዱ የራሱ ሂሳብ አለው፤ ምን ያህል እንደተጠራቀመና ለስንት ዓመት እንደሚበቃው ያውቃል። ዓላማው እስከ ዕድሜ ልክ መጦር ሳይሆን፣ ከመጨረሻው ጨዋታ እስከ ሁለተኛው ሙያ ያለውን ክፍተት መሻገር ነው። አሰልጣኝነት የሚማረው፣ ሱቅ የሚከፍተው፣ ተመልሶ ትምህርት ቤት የሚገባው በዚህ ገንዘብ ነው። የብስክሌት ተወዳዳሪዎችም በኋላ ገብተውበታል።

ጉድለትም አለው። በሁለተኛው ዲቪዚዮን በትንሽ ደሞዝ የሚጫወት ልጅ ጣሪያውን እምብዛም ስለማያልፍ የሚጠራቀምለት ጥቂት ነው፤ ይበልጥ የሚያስፈልገው ግን እሱ ነው። ወደ ውጭ የሄደ ተጫዋች እዚያ ካገኘው ደሞዝ ወደ ፈንዱ አይገባም፤ ስለዚህ ቱርክና ቆጵሮስ ዞሮ በ34 ዓመቱ የሚመለሰው ተጫዋች ሂሳቡ በ24 ዓመቱ ከቆመበት ብዙም አልራቀም።

ውል ላጣ ተጫዋች ሌላ መደገፊያ አለ። ማኅበሩ በየክረምቱ ክለብ የሌላቸውን ሰብስቦ በአሰልጣኝ ያሠራል፤ የወዳጅነት ጨዋታም ያዘጋጅላቸዋል። ነሐሴ ላይ አንድ ክለብ ተጫዋች ሲጎዳበት ስልክ የሚደውለው ብቃት ላይ ላለ ሰው ነው፤ ብቻውን በመናፈሻ ሲሮጥ የከረመ ተጫዋች የልብ ብቃቱን እንጂ የጨዋታ ፍጥነቱን አይጠብቅም። ከ36 ሳምንት ውስጥ 26ቱን የሠራ ደግሞ የሥራ አጥ አበል ያገኛል፤ በመጀመሪያዎቹ ሁለት ወራት የደሞዙን 75 በመቶ፣ ከዚያ 70 በመቶ፣ ከጣሪያ ሳያልፍ። ጊዜው ከሦስት ወር አያንስም፤ እንደ አገልግሎቱ ሊረዝም ይችላል። ታሞ ወይም ተጎድቶ የተኛ ተጫዋች ውሉ እስካለ ድረስ አሠሪው እስከ ሁለት ዓመት ቢያንስ 70 በመቶ ደሞዙን የመክፈል ግዴታ አለበት።

ይህን ሁሉ የዘረዘርኩት ሆላንድን ለማሞገስ አይደለም። በእኛ የግል ድርጅት ሠራተኞች ጡረታ ሕግ ሠራተኛው 7 በመቶ፣ አሠሪው 11 በመቶ ያዋጣል፤ የመውጫ ዕድሜው 60 ነው፤ ወርሃዊ አበል ለማግኘት ቢያንስ 10 ዓመት አገልግሎት ይጠይቃል። ሕጉ ለባንክ ሠራተኛ ይበቃል። በ33 ዓመቱ ጉልበቱ እምቢ ላለው ተከላካይ ግን ከ33 እስከ 60 ያሉትን 27 ዓመታት አይመልስለትም። በአገራችን ኳስ ትልቁ ገንዘብ ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚከፈለው በፊርማ ጊዜ በአንድ ላይ ነው፤ ሃያ ዓመት ያልሞላው ልጅ ተቀብሎት ለዘመድና ለጓደኛ ተከፋፍሎ ያልቃል። ከማጠራቀም አንጻር ከዚህ የባሰ አከፋፈል የለም።

ስለዚህ ፌዴሬሽኑ፣ የሊጉ አክሲዮን ማኅበርና የተጫዋቾች ማኅበር ሦስት ነገር ቢነጋገሩ እላለሁ። አንደኛ፣ ከፊርማ ክፍያ ላይ የተወሰነ ድርሻ ተጫዋቹ ጫማውን እስኪሰቅል ድረስ በማይነካው፣ በራሱ ስም በተከፈተ የባንክ ሂሳብ እንዲገባ። ሂሳቡ በክለቡ እጅ ከሆነ ክለቡ ሲፈርስ አብሮ ይፈርሳል፤ ስለዚህ ከክለቡ ውጭ ይሁን። ሁለተኛ፣ የክለብ ፈቃድ በየዓመቱ ሲታደስ ደሞዝና የጡረታ መዋጮ ሳይጓደል መከፈሉን የሚያሳይ ደረሰኝ እንዲጠየቅ። ሦስተኛ፣ ዕድሜያቸው 28 ያለፈ ተጫዋቾች ገና እየተጫወቱ የአሰልጣኝነት ኮርስ እንዲጀምሩ ክለቦች የልምምድ ሰዓታቸውን እንዲያመቻቹ። ሦስተኛው ገንዘብ አይጠይቅም፤ በዚህ ዓመት ሊጀመር ይችላል።

የዝግጅት ክፍሉ ደግሞ በመጪው የዝውውር ወቅት «በስንት ብር ፈረመ» ከሚለው ጥያቄ ጎን፣ «ከዚህ ውስጥ ስንቱ ለነገ ተቀመጠ» ብሎ ክለቦቹንና ተጫዋቾቹን እንዲጠይቅልን በአክብሮት እለምናለሁ።

የስፖርት ገጻችሁ ተከታታይ
ከአዲስ አበባ