መሪያችንን አብራችሁን ለሸኛችሁ ሁሉ

ከባንዳችን መሪ ሕመም ጀምሮ፣ በሞት ከተለዩን በኋላም እስከ መታሰቢያቸው ኮንሰርት ድረስ ላልተለያችሁን ሁሉ ምስጋናችን ይድረሳችሁ። የሆነውን ታውቁታላችሁና አንደግመውም።

ከሁሉ አስቀድመን ግን የኖታ ክፍላችንን ኃላፊ። እህታችን፣ ስሜ አይጻፍ ብለሻል፣ እሺ፤ ሥራሽን ግን ሳናነሣ አናልፍም። መሪያችን ባለፉት ዓመታት በስኮሮቻቸው (የሁሉም መሣሪያ ኖታ አንድ ላይ በሚታይበት የመሪው ቅጂ) ላይ በእርሳስ ያሰፈሩትን ሁሉ ለቅመሽ በየተጫዋቹ ወረቀት ላይ ያሰፈርሽው አንቺ ነሽ። የትንፋሽ ምልክቷን ብቻ እንኳ ብንወስድ፣ በአንደኛ ክላርኔት ላይ ከ4ኛው ባር (በቋሚ መስመር ከተከፈሉት የኖታው ክፍሎች አንዱ) በኋላ፣ በሁለተኛው ላይ ከ5ኛው በኋላ ነው ያስቀመጧት። ለማያውቅ ስህተት ይመስላል። ሁሉም እኩል ከተነፈሰ ግን ረጅሙ ዜማ መሃል ላይ ይበጠሳል፤ የለያዩትም ለዚህ ነው። አንቺ ላስተካክለው አላልሽም፤ እንዳለ ገለበጥሽው።

የሆርኑም ነገር አለ። ፍሬንች ሆርን የሚነፋ ሰው ሲጠፋ መሪያችን ክፍሉን ለአልቶ ሳክስፎን ይሰጡት ነበር። ሆርኑ የኤፍ፣ አልቶው የኢ ፍላት መሣሪያ ስለሆነ፣ ማለትም አንድ ዓይነት ኖታ ቢያነቡም የሚያወጡት ድምፅ ስለሚለያይ፣ የሳክስፎኑ ኖታ ከሆርኑ አንድ ሙሉ ቶን ከፍ ብሎ መጻፍ አለበት፤ የሆርኑን ወረቀት እንዳለ የሚያነብ ሳክስፎን ከባንዱ አንድ ቶን ወርዶ ይቀራል። እሳቸው ለሳክስፎኑ የጻፉት ግልባጭ ሁለተኛ ገጹ ጠፍቶ ሲገኝ፣ ከሆርኑ እያየሽ ኖታ በኖታ በእጅሽ ጽፈሽ ሞላሽው። ለኮንሰርቱ አንድ ቀን ነበር የቀረው።

በስኮሩ መጨረሻ ገጽ ጠርዝ ላይ «ቱባ!» ብለው ጽፈው አክብበውታል። የቱባው፣ የዚያ ትልቅ የናስ መሣሪያ፣ ያ ሁሉ ቱቦ ድምፅ እስኪያወጣ ጊዜ ይወስዳልና፣ ግራ እጃቸው ከሌላው ሁሉ ቀድሞ ወደ ቱባው ይነሣ ነበር። በኮንሰርቱ ምሽት ቱባው ማንም እጅ ሳያነሣለት በሰዓቱ ገባ... ይቅርታ፣ ከመስመራችን ወጣን።

በትሩን የተረከብከው ምክትላችን፣ ሰዓት ቢረፍድም 10 ደቂቃ ሳናሟሙቅ ቅኝት አልጀመርክም። አዳራሹ ይበርድ ነበር፤ የናስ መሣሪያ በብርዱ እንደሆነ ተቃኝቶ ቢሆን ሦስተኛው ሥራ ላይ ሲሞቅ ድምፁ ከቅኝቱ በላይ ይወጣ ነበር። ደግ አደረግህ።

ሐኪሞች፣ ከበሮ መቺዎች፣ የአዳራሹ ጥበቃዎች፣ ወንበር የደረደራችሁ፣ መሣሪያ ያዋሳችሁን ባንዶች፣ እግዜር ይስጥልን። ሳንጠራችሁ የቀራችሁ ብዙ ናችሁ፤ ሐዘን ያስረሳልና ይቅር በሉን።

የተዋስናቸው 2 ትሮምቦኖችና 1 ቱባ ውስጣቸው ታጥቦ፣ የቱባው ቫልቮች ዘይት ጠጥተው፣ የትሮምቦኖቹም ስላይድ ተቀብቶ ተቀምጠዋል፤ በልምምድ ቀን መጥታችሁ ውሰዱ። የኮንሰርቱን ኖታ ይዛችሁ የሄዳችሁም መልሱልን። እርሳሱን ግን አታጥፉት።

የባንዱ አባላት