ናኢም አልተሸጠም፤ እርማት አውጡልን

ለስፖርት ገጹ አዘጋጅ፣

ባለፈው ሳምንት ስለ ክብደት አንሺው ናኢም ሱሌይማኖግሉ ያወጣችሁትን ጽሑፍ አንብቤ በጣም ተናድጃለሁ። እኛ ብረት የምናነሳ ሰዎች ስለ ስፖርታችን የተጻፈ ነገር ስናገኝ ጋዜጣውን እየተቀባበልን ነው የምናነበው። ብርቃችን ነው። ሦስተኛው አንቀጽ ላይ ስንደርስ ግን «በ1 ሚሊዮን ዶላር ለቱርክ የተሸጠው ቡልጋሪያዊ» ይላል።

የተሸጠው? ማን ነው የሸጠው? የማንስ ንብረት ነበር?

ነገሩን ከሥሩ ላስረዳ። ዓመቶቹ በፈረንጆቹ ናቸው። ናኢም በ1967 ደቡብ ቡልጋሪያ ውስጥ ከቱርክ ቤተሰብ ተወለደ። ገና በልጅነቱ የዓለም ክብረ ወሰን ሰበረ። ከ1984 መጨረሻ ጀምሮ የቡልጋሪያ ኮሚኒስት መንግሥት የአገሪቱን ቱርኮች ስም በግድ አስቀየረ። ዓለም የሚያውቀው ይህ ልጅም አልቀረለትም፤ «ናኡም ሻላማኖቭ» ተባለ። በዲሴምበር 1986 ለዓለም ዋንጫ ሜልቦርን ሄደና ከቡድኑ ተሰወረ። እዚያ የሚኖሩ ቱርኮች ደበቁት። ከዚያም በለንደን በኩል፣ ጠቅላይ ሚኒስትር ቱርጉት ኦዛል በላኩለት አውሮፕላን ቱርክ ገባ። ዕድሜው 19 ነበር። ቤተሰቡን ቡልጋሪያ ትቶ ነው የሄደው።

ዶላሩስ? ዶላሩ የመጣው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ዜግነት የቀየረ ስፖርተኛ የቀድሞ አገሩ ካልፈቀደች በኦሊምፒክ ለመወዳደር 3 ዓመት መጠበቅ ነበረበት። የ1988ቱ የሴኡል ኦሊምፒክ ደግሞ ሁለት ዓመት እንኳ አልቀረውም። ስለዚህ ቱርክ ለቡልጋሪያ ከፈለች፤ ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ ነው የሚባለው። ገንዘቡ የተከፈለው ቡልጋሪያ ያመለጣትን ልጅ እንዳታግድ ነው። ስሙን የቀማው መንግሥት በላዩ ላይ ገንዘብ ተቀበለበት። ጋዜጣችሁ ደግሞ የመንግሥቱን ነውር አንስቶ ለናኢም አሸከመው። ዶላሩን አያችሁ፣ ሰውየውን አላያችሁም።

ሴኡልንማ በአንድ መስመር ነው ያለፋችሁት። እኔ ልንገራችሁ። በ60 ኪሎ ምድብ በስናች (ብረቱን ከመሬት በአንድ ጊዜ አናት ላይ ማድረስ) 152.5፣ በክሊን ኤንድ ጀርክ (መጀመሪያ ትከሻ ላይ፣ ከዚያ አናት ላይ ማድረስ) 190፣ በድምሩ 342.5 ኪሎ አነሳ። ከራሱ ክብደት ሦስት እጥፍ በላይ የሆነ ብረት አናቱ ላይ ቆመ። ቁመቱ 1 ሜትር ከ47 ነበር። ብር ያገኘው የቡልጋሪያው ስቴፋን ቶፑሮቭ በ30 ኪሎ ተበለጠ። ከናኢም በላይ ባለው የ67.5 ኪሎ ምድብ ወርቅ የወሰደው ዮአኪም ኩንዝ እንኳ በድምሩ 340 ነው ያነሳው። ይህን ሁሉ የሚዘል የስፖርት ጋዜጠኛ ምን አይቶ ነው ስለ ዋጋ የሚጽፈው?

በ1992ቱ የባርሴሎና ኦሊምፒክ ያለ ብዙ ትግል ወርቁን ደገመው። የ1996ቱ አትላንታ ግን ሌላ ነበር። ከግሪኩ ቫሌሪዮስ ሊዮኒዲስ ጋር ክብረ ወሰን እየተነጣጠቁ ሄዱ። መጨረሻ ላይ ሊዮኒዲስ በክሊን ኤንድ ጀርክ 190 ኪሎ ጠይቆ አቃተው፤ ናኢም በ2.5 ኪሎ ብልጫ ሦስተኛ ወርቁን ወሰደ። ሊዮኒዲስም እኮ የተወለደው ሶቪየት ኅብረት ውስጥ ነው። እሱንስ ማን ሸጠው ልትሉ ነው?

ይህ ሁሉ ንዴት ለምን ትሉ ይሆናል። ሰፈር ውስጥ ልጆች አሠለጥናለሁ። ብረታችን ሁለት ጫፉ ላይ ሲሚንቶ የተሞላ ጣሳ ያለው የውኃ ቧንቧ ነው። አብዛኞቹ ቀጫጮችና አጫጭር ናቸው፤ ኳስ ሜዳ ላይ ተገፍተው የመጡ። የናኢምን ቪዲዮ ስልክ ላይ ደጋግመን እናያለን። አውራ ጣቱን በሌሎቹ ጣቶቹ ሥር አስገብቶ ባሩን ሲቆልፍ፣ ብረቱ ከወገቡ ሳያልፍ እሱ ሥሩ ለመግባት ሲወርድ። ጉልበት ብቻ እንዳይመስላቸው፣ ፍጥነት መሆኑን እንዲያዩ ነው የማሳያቸው። ጽሑፋችሁን ካነበቡ በኋላ አንዱ ምን አለኝ? «ጋሼ፣ ለካ ለብር ብሎ ነው አገሩን የከዳው።»

የመለማመጃ ቦታ ለመጠየቅ አንድ ቢሮ ስንሄድ «ይሄ ደግሞ ስፖርት ነው እንዴ?» ተብለን ተመልሰናል። እሱን ችለነዋል። የእናንተ ገጽም ከዓመት ዓመት አያስታውሰንም፤ እሱንም ለምደነዋል። አንድ ቀን ስታስታውሱን ግን የልጆቻችንን ጀግና ሸቀጥ አድርጋችሁ መጣችሁ። ይሄን አንችለውም።

ናኢም በኖቬምበር 2017 ኢስታንቡል ውስጥ አርፏል። ለራሱ መልስ ሊሰጥ አይችልም። ስለዚህ እርማቱን በዚያው ገጽ፣ በዚያው የፊደል መጠን አውጡልን። ቦታ ከጠበባችሁ ከእንግሊዝ ክለቦች የዝውውር ወሬ አንድ አንቀጽ ቀንሱ።

የሰፈር ክብደት ማንሳት አሠልጣኝ
ከአዲስ አበባ