የጣና ዳርቻ ወሰን በመስከረም ውሃ ይለካ

ለባሕር ዳር ከተማ አስተዳደር ከንቲባ ጽሕፈት ቤት
ባሕር ዳር

ግልባጭ፦ የሐይቁ ጥበቃ ለሚመለከታቸው የክልሉ መሥሪያ ቤቶች

ጉዳዩ፦ የሐይቁ ዳርቻ ረግረጋማ ቦታዎች ወሰን እንዲከለል ስለመጠየቅ

ክቡር ከንቲባ፣

ስለ ጣና ብዙ ይባላል፣ ብዙም ይጻፋል። እኔ ግን ዛሬ የማነሣው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ወሰን። ሐይቁ የት ላይ ያበቃል፣ የሰው ይዞታስ ከየት ይጀምራል? በአብዛኛው ዳርቻ ይህን የሚነግር፣ መንገደኛም ሆነ ገበሬ አይቶ የሚያውቀው ምልክት የለም። ምልክት በሌለበት ድንበሩን የሚወስነው ቀድሞ ያጠረው ሰው ነው።

ጣና ጥልቅ ሐይቅ አይደለም። ጥልቅ በሚባለው ቦታ እንኳ 14 ሜትር ገደማ ነው። ግንቦትና ሰኔ ላይ ይወርዳል፣ ከመስከረም እስከ ጥቅምት መግቢያ ይሞላል፤ በሁለቱ መካከል ያለው የከፍታ ልዩነት በአማካይ 1.6 ሜትር ያህል ነው። ይህ ልዩነት ከሰው ቁመት አይበልጥም፤ በፎገራና በደምቢያ ሜዳ ላይ ሲተኛ ግን እጅግ ሰፊ መሬት ይሆናል። ውሃው ሲሄድ የሚገለጠውን ይህን መሬት ገበሬው ባሕር ሸሽ ይለዋል፤ እርጥበቱ ሳይጠፋ ይዘራበታል። በበጋ ለሚያየው ሰው ጥቁር፣ ለም፣ ባለቤት የሌለው ማሳ ነው። በመስከረም ለሚያየው ሐይቅ ነው። ችግራችን ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ቅየሳውም፣ አጥሩም፣ የግንባታው መሠረትም የሚሠራው በበጋ ነው።

በ1995 ዓ.ም. የሆነውን የሚያስታውሱ ብዙ ናቸው። ዝናቡ አንሶ፣ ከአባይ መውጫ ላይ ካለው ከጨረጨራ ግድብ ለኤሌክትሪክ የሚለቀቀው ውሃ ተጨምሮበት ሐይቁ ከዚያ በፊት ተለክቶ ከሚታወቀው ሁሉ በታች ወረደ። መርከቦች ቆሙ። ታንኳ የሚሠራበት የረግረግ ተክል፣ የደንገሉ ሥር ደረቅ ላይ ቀረ፤ እርሻውም ውሃውን ተከትሎ ገባ። በኋላ ዝናቡ ተመለሰ፣ ሐይቁም ሞላ። የታረሰውን ደንገል ግን ዝናብ ብቻውን አይመልሰውም፤ ደንገል ሲታጨድ ከሥሩ ያቆጠቁጣል፣ ሥሩ በሞፈር ከተገለበጠ ግን አለቀ።

ደንገሉና እንደ እርሱ ውሃ ዳር የሚበቅለው ፊላው ለምን ያስጨንቅሃል የሚል አይጠፋም። ቆሮሶና አምባዛ የተባሉት ዓሦች የሚራቡት በዚያ ጥልቀት በሌለው፣ ሣር በበዛበት ውሃ ውስጥ ነው። በዓለም ላይ ከጣና በቀር ከማይገኙት የነጭ አሣ ዝርያዎች በርካታዎቹ ደግሞ በክረምት ለመራባት ወደ ርብ፣ ጉማራ፣ መገጭና ግልገል አባይ ይወጣሉ፤ ጫጩቶቻቸው ተመልሰው የሚያድጉት በዳርቻው ነው። ከጉና ተራራ ተጠርጎ የሚመጣው አፈርም ሐይቁ ውስጥ ከመግባቱ በፊት ፍጥነቱን የሚያጣው በረግረጉ ላይ ነው። ረግረጉ ሲጠፋ ደለሉም፣ ከማሳ የታጠበው ማዳበሪያም በቀጥታ ይገባል። ሐይቁን የወረረው አረም፣ እምቦጭ፣ የሚወደው ይህንኑ ነው። በ2004 ዓ.ም. ገደማ በመገጭ ወንዝ መግቢያ አካባቢ ጎልቶ ከታየ ወዲህ በእጅም በማሽንም ስንት ተደከመበት! እምቦጩን እየነቀሉ የሚመገበውን መንገድ ክፍት መተው ግን በቀዳዳ እንስራ ውሃ መቅዳት ነው።

የከተማው ዳርቻ ደግሞ የራሱ ጠባይ አለው። እዚህ የሚገፋው ሞፈር ሳይሆን ገረጋንቲ ነው። ፍርስራሽ ይደፋል፣ ይደለደላል፣ በዓመቱ አጥር ይቆማል፣ ከዚያ መዝናኛ ይሆናል፤ ማንም ይሁን ማን፣ እዚህ የማንንም ስም አላነሣም። የአባይ ሚሊኒየም ፓርክ ተብሎ የተሰየመው፣ ከሐይቁ መውጫ ወንዙን ተከትሎ የሚወርደው ዛፍና ረግረግ የተቀላቀለበት ስፍራም የከተማው መስፋፋት ደጁ ደርሶበታል። ጉማሬ ቀን ውሃ ውስጥ ይውላል፣ ማታ ለግጦሽ ይወጣል። መውጫውን ካጠርንበት በሰው ማሳ ውስጥ ማለፉ አይቀርም፤ ያን ጊዜ ጥፋተኛው ጉማሬው ይሆናል።

ወሰን ቢተከል ማን ያከብረዋል የሚለውን ክርክር ደጋግሜ ሰምቻለሁ። መልሱ ሩቅ አይደለም። ወደ ሐይቁ የገባውን ልሳነ ምድር፣ ዘጌን ይመልከቱ። በሬ ጠምዶ ማረስ ነውር የሆነበት የአባቶች ሥርዓት ስላለ፣ ቡናው በትልልቆቹ ዛፎች ጥላ ሥር እያደገ፣ ገዳማቱን የከበበው ደን እስከ ዛሬ ቆሟል። ዘጌም ቢሆን ችግር የለበትም አልልም፣ ማገዶው ለከተማችን ይሸጣል። ነገር ግን ደኑ የት እንደሚጀምር የማያውቅ ሕፃን የለም። በደቡብ ጎንደርም አንዳንድ አጥቢያዎች ከማሳ ላይ የተለቀመውን ድንጋይ በቤተ ክርስቲያኑ ደን ዙሪያ ካብ አድርገው ሠርተውታል፤ ከብት አይገባም፣ እርሻው አያልፍም፣ ችግኙ ከሥር ይነሣል። ካቡን የሠሩት ራሳቸው ምእመናኑና ገበሬዎቹ ናቸው። ጣና ዳር ድንጋይ መካብ ባይቻልም የሚታወቅ መስመር ማስመር ይቻላል።

እዚህ ላይ አንድ ፍርሃት አለኝ። ወሰን ሲባል መጀመሪያ የሚባረረው ደካማው እንዳይሆን። የነገደ ወይጦ ማኅበረሰብ ደንገል አጭዶ ታንኳ ሲሠራ ረግረጉን አልጨረሰውም፤ እንዲያውም ረግረጉ ከሌለ ኑሮውም የለም። ማጨድ ይፈቀድ፣ ማረስና መድፋት ይከልከል። በመስመሩ ውስጥ ለዓመታት ባሕር ሸሽ ሲያርስ የኖረ ገበሬም ምትክ ሳይታሰብለት በአንድ ደብዳቤ ውጣ ሊባል አይገባም። ጠበቅ መባል ያለበት ገረጋንቲ በመኪና በሚያስደፋው ላይ ነው።

አዲስ ሕግ አልጠይቅም። ጣና ከሰኔ 2007 ዓ.ም. ጀምሮ በዩኔስኮ የተመዘገበ የባዮስፌር ክልል፣ ማለትም ተፈጥሮና የሰው ኑሮ አብረው እንዲጠበቁ የተለየ ቦታ ነው፤ ወደ 7 መቶ ሺህ ሄክታር የሚጠጋው ቦታ በካርታ ላይ እምብርት፣ ከለላና ሽግግር ተብሎ ተከፍሏል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 44 ንጹሕና ጤናማ በሆነ አካባቢ የመኖር መብት ይሰጠናል። የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማ አዋጅ ቁጥር 299/1995 ደግሞ ግንባታ ከመጀመሩ በፊት ጉዳቱ እንዲጠና ያዛል። የጎደለው የካርታው መስመር መሬት ላይ መውረዱ ነው። በነገራችን ላይ፣ በየክረምቱ ችግኝ ለመትከል ስንወጣ ረግረግን ክፍት ቦታ አድርገን ባሕር ዛፍ የምንሰካበት ልማድም ቢቀር ደስ ይለኛል፤ ባሕር ዛፍ ውሃውን ይመጠዋል እንጂ ረግረጉን አይጠብቀውም።

ስለዚህ የምጠይቀው ይህ ነው። በመጪው መስከረም፣ ውሃው ራሱ ወሰኑን ሲያሳይ፣ ቀያሾች ወጥተው ከፍተኛውን የውሃ መስመር በከተማው ክልል ውስጥ ምልክት ያድርጉበት። ከዚያ ወደ ላይ የሚተወው ከለላ ስንት ሜትር እንደሚሆን ነዋሪው፣ ዓሣ አስጋሪው፣ ታንኳ ሠሪውና ባለሆቴሉ ባሉበት ይወሰን። ካርታው በየቀበሌው ጽሕፈት ቤት ግድግዳ ላይ ይለጠፍ። እስከዚያ ድረስ በዳርቻው ላይ አዲስ የግንባታ ፈቃድ አይሰጥ፤ የተሰጡትም የተጽዕኖ ግምገማቸው ለሕዝብ ይፋ ይሁን። ክልሉ ይህንኑ በፎገራና በደምቢያ በኩል እንዲቀጥል፣ ጥያቄውን በጽሕፈት ቤትዎ በኩል በጽሑፍ እንዲያቀርቡልንም እለምናለሁ።

የቅየሳው ባለሙያና በጀት ከክረምቱ በፊት መመደብ አለበት፤ በመስከረም እንጀምር ቢባል ውሃው ኅዳርን አይጠብቅም።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር
የባሕር ዳር ነዋሪ