የፊልም ጥቅሎቹንም አትርሱ

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

ስለ ድሮ ሲኒማ የምታወጡት ጽሑፍ ከሆሊዉድና ከሕንድ አልፎ ፊሊፒንስንም ቢጎበኝ ደስ ይለናል። ተዋናዩ ሮሄልዮ ዴ ላ ሮሳ ብቻውን አንድ ገጽ ይሞላል። እ.ኤ.አ. በ1916 በፊሊፒንሷ ሉባኦ ከተማ ተወለደ፤ በ1930ዎቹ ከድምፅ አልባው ፊልም ወደ ድምፃዊው ተሻገረ፤ ከተዋናይቷ ካርመን ሮሳሌስ ጋር ተጣምሮ ገነነ። በ1957 ሴናተር ሆኖ ተመረጠ፤ በ1961 ለፕሬዚዳንትነት ተወዳድሮ የእህቱ ባል ለነበሩት ለሌላው ዕጩ ለዲዮስዳዶ ማካፓጋል ሲል ራሱን አገለለ፤ ኋላም በካምቦዲያ አምባሳደር ሆነ።

የሚያንገበግበው ግን ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት የተሠሩት የፊሊፒንስ ፊልሞች አብዛኞቹ መጥፋታቸው ነው። የዚያ ዘመን ፊልም የሚሠራበት ናይትሬት የተባለ ፕላስቲክ እንደ ክብሪት ይነዳል፤ ዋና ከተማዋ ማኒላም በ1945 በጦርነቱ ወድማለች። ከዚያ የተረፈውን ሙቀትና እርጥበት ይበላዋል።

እንደ ጅማ ዝናብ በሚበዛበት ከተማ አሮጌ ጥቅል ያለው ሰው ቆርቆሮውን ከፍቶ ያሽተው። ኮምጣጤ ኮምጣጤ ካለ አሴቴቱ (በኋላ ናይትሬትን የተካው የፊልም ፕላስቲክ) መበስበስ ጀምሯል፤ የሚወጣው አሲድ ራሱ መበስበሱን ያፋጥናል፣ አጠገቡ ያለውንም ጥቅል ይጎዳል። ስለዚህ ለብቻው ተነጥሎ፣ አግድም ተኝቶ፣ ቀዝቃዛና ደረቅ ቦታ ይቀመጥ። ፕሮጀክተር ላይ ፈጽሞ አይጫን፤ ፊልሙ ስለሚኮማተር ቀዳዳዎቹ ከማሽኑ ጥርስ ጋር አይገጥሙም፣ ይቀደዳል። በእጅ ቀስ ተብሎ ይጠቅለል፤ ከሌሎቹ ቀድሞም በዲጂታል ይቀዳ።

የፊልም ወዳጆች፣ ከጅማ