ላስቲክ ስለታሰረበት ስልክ

ለተከበራችሁ ወላጆችና አሳዳጊዎች፣

ባለፈው ሳምንት አንዲት ተማሪ ስልኳን ይዛ ቢሮዬ መጣች። የጀርባ ሽፋኑ በአንድ ጎን ተላቋል፤ በክፍተቱ ጥፍር ያስገባል። ጠረጴዛው ላይ ሳስቀምጠው አልረጋም አለ፣ ይሽከረከራል። መሀሉ ላይ የፀጉር ላስቲክ ሁለት ዙር ታስሯል። «ሽፋኑ እንዳይወድቅ ነው» አለችኝ። ሁለት ሳምንት እንዲሁ ስትጠቀምበት ቆይታለች።

ሽፋኑን የገፋው ያበጠ ባትሪ ነው። የሊቲየም ባትሪ ሲያረጅ ወይም ሲጎዳ ውስጡ ጋዝ ይፈጠራል፤ ጋዙ መውጫ ሲያጣ ባትሪው ይነፋል። በባትሪው ውስጥ ፖዘቲቩንና ኔጌቲቩን የሚለያቸው ከፀጉር የቀጠነ ፕላስቲክ ነው። ያበጠውን ባትሪ ስንጫነው ያ ፕላስቲክ ሊቀደድ ይችላል። ከተቀደደ ሁለቱ ይነካካሉ፣ ባትሪው በራሱ ይግላል፣ ውስጡ ያለው ፈሳሽም ተቀጣጣይ ነው። ላስቲኩን ሳይ የደነገጥኩት ለዚህ ነው።

ስለዚህ ያበጠ ባትሪ ካያችሁ አትጫኑት፣ አትብሱት፣ ቻርጅም አታድርጉት። ስልኩን አጥፉና ከሚቀጣጠል ነገር አርቃችሁ አስቀምጡት፤ ከዚያ ለባለሙያ አሳዩት። ከቤት ቆሻሻ ጋር አይጣል። ጭስ ከወጣው ወይም ማፏጨት ከጀመረ ግን ለማንሳት አትሞክሩ። ጭሱ መርዛማ ነው። ልጆቹን ይዛችሁ ውጡ፣ በሩን ዝጉ፣ እሳት አደጋ ጥሩ። ስልኩ ቢቃጠል ይቃጠል።

ሌላው የማታው ነገር ነው። ልጆች ስልካቸውን ቻርጅ ሰክተው ትራስ ሥር ይከቱና ይተኛሉ። (የእኔም ልጅ ያደርገው ነበር፤ የርዕሰ መምህር ልጅ ስለሆነ የሚቀርለት ነገር የለም።) ቻርጅ ላይ ያለ ስልክ ትንሽ መሞቁ ያለ ነው። ትራስና ብርድ ልብስ ግን ሙቀቱን ያፍኑታል። ጠረጴዛ ላይ ይቀመጥ፣ የሚቻል ከሆነም ሰው ሳይተኛ ይሞላ። በ80 በመቶ መንቀል ይሻላል ወይ ብላችሁ የጠየቃችሁኝ አላችሁ። የባትሪውን ዕድሜ ያረዝመዋል፤ ለእሳት አደጋ ግን ትራሱ ይብሳል።

ከስልክ ይልቅ የሚያሳስበኝ የድሮንና የስኩተር ባትሪ ነው። አንድ የተለመደ የሊቲየም ሴል (ባትሪው የተሠራበት አንዱ ክፍል) ሲሞላ 4.2 ቮልት ላይ መቆም አለበት። ስልክ ውስጥ ይህን የሚቆጣጠር ሰርኪዩት አለ። አንዳንድ የድሮን ባትሪ ግን የለውም፤ ሥራው ሁሉ የቻርጀሩ ነው። መሰኪያው ስለገባ ብቻ ቻርጀሩ የእሱ ነው ማለት አይደለም። ከዕቃው ጋር የመጣውን ተጠቀሙ።

ከሰኞ ጀምሮ ክፍል ውስጥ ስልክም ሆነ ፓወር ባንክ ቻርጅ ማድረግ አይፈቀድም። በጣም የሚያስፈልገው ተማሪ አስተዳደር ቢሮ፣ ሰው ባለበት፣ ይሰካል። እናንተም ዛሬ ማታ የልጆቻችሁን ስልክና ፓወር ባንክ ጠረጴዛ ላይ አጋድማችሁ እዩት። ከተወዛወዘ ወይም ሽፋኑ ከተላቀቀ ወደ ትምህርት ቤት አይምጣ።

ያበጠ ባትሪ ያሳየ ተማሪ አይቀጣም። ልጅቷን ለምን ቀደም ብላ እንዳልነገረችን ጠይቄያት ነበር። «ይወስዱብኛል ብዬ ፈርቼ ነው» አለችኝ።

ከአክብሮት ጋር፣
ርዕሰ መምህር