ለ«ውሃ መጣ» አጭር ፊልም የድጋፍ ጥሪ

ፈረቃው ደርሶ ውሃ ሌሊት ሲለቀቅ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ቀድሞ የሚያገኘው ምድር ቤት ያለው ነው። ግፊቱ አራተኛ ፎቅ እስኪደርስ ይዘገያል፤ ጨርሶ የማይደርስበትም ሌሊት አለ። ስለዚህ የነቃው ያልነቃውን በር እያንኳኳ ይቀሰቅሳል። የ15 ደቂቃ ድራማችን ሙሉ በሙሉ ጀሞ ውስጥ በአንድ ሕንፃ ደረጃ ላይ ይካሄዳል፦ ሁሌ ጎረቤት የሚቀሰቅሱት የምድር ቤቷ እናት አንድ ሌሊት ሳያንኳኩ ይቀራሉ።

ቀረጻው ከሰኞ እስከ ዓርብ አምስት ምሽት ነው። 14 ተዋንያንና ባለሙያዎች ያለ ክፍያ ይሠራሉ፤ ካሜራም አለን። የጎደለን ድምፅ፣ ውሃና እራት ነው።

ትልቁ ወጪ የድምፅ ነው። ደረጃው ባዶ ኮንክሪት ስለሆነ ንግግር ያስተጋባል፤ ይህን በኋላ በኮምፒውተር አጥርቶ ማጽዳት አስቸጋሪ ነው። ካሜራው የማያየውን ግድግዳ የምንሸፍንበት 20 ወፍራም ብርድ ልብስ በውሰት እንፈልጋለን። ማይክራፎንና መቅጃው ግን ኪራይ ነው። ምስል ትንሽ ቢደበዝዝ ተመልካች ይታገሳል፤ ንግግሩ ካልተሰማው ትቶ ይነሳል።

ባዶ ጄሪካን የተሸከመ ተዋናይ ያስታውቃል፤ ክንዱ አይወጠርም፣ ትከሻው አያዘነብልም። ሙሉው ደግሞ 20 ኪሎ ነው፤ ትዕይንቱ ሲደጋገም ያደክማል። ስለዚህ የሚሸከሙት አንድ ፎቅ ብቻ ነው። ፎቆቹ ስለሚመሳሰሉ በር ላይ ያለውን ጫማና የከሰል ምድጃ እየቀያየርን አንዱን አራት እናደርገዋለን። ለቧንቧው ፈረቃ መጠበቅ አይቻልም። ባለ 1000 ሊትር ሮቶ ሲሞላ አንድ ቶን ስለሚመዝን ፎቅ ላይ አናወጣውም። አንደኛ ፎቅ ላይ ባለ 200 ሊትር በርሜል አስቀምጠን በጎማ ወደ ምድር ቤቱ ቧንቧ እናወርዳለን፤ የተቀዳውም ተመልሶ በርሜል ይገባል።

እራቱ ለ14 ሰው በአምስት ምሽት 70 ሳህን ይሆናል፤ ረቡዕና ዓርብ ስላሉበት 28ቱ የጾም ነው። የአንድ ምሽት እራት ችለው የሚያመጡ ቤተሰቦች ቢገኙ ትልቅ ሸክም ይቀልልናል። የየምሽቱ ቀረጻ ከካርዱ ከመጥፋቱ በፊት የሚገለበጥባቸው ሁለት ሃርድ ዲስኮችም ያስፈልጋሉ።

«ውሃ መጣ!» እየተባለ የሚጮኽበት ክፍል ከምሽቱ 1 እስከ 3 ሰዓት ይቀረጻል፤ መሽቷል፣ ሕፃናትም ገና አልተኙም።

ገንዘቡ በሁለት ሰው ፊርማ በሚንቀሳቀስ ሒሳብ ይገባል፤ ደረሰኙ ሁሉ የብሎኩ ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ይለጠፋል። ካልሞላ የመብራት ኪራዩን ትተን በደረጃው አምፖል እንቀርጻለን፤ ከድምፁ አንቀንስም። ብርድ ልብስ የምታውሱን ጠርዙ ላይ ስምና የቤት ቁጥር ጻፉበት፤ ቅዳሜ ጠዋት በየቤታችሁ እንመልሳለን።