ካሜራማኑስ?

ውድ አዘጋጅ፣

ስለ «ፓሪስ፣ ቴክሳስ» ፊልም ያወጣችሁትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። ግን ዳይሬክተሩ ቪም ቬንደርስ ከላይ እስከ ታች ሲወደስ፣ የካሜራማኑ የሮቢ ሙለር ስም አንዴ እንኳ አልተነሳም። ያደነቃችሁት ቀለም እኮ የእሱ የእጅ ሥራ ነው!

ሙለር ሆላንዳዊ ነው። እ.ኤ.አ. በ1940 በካሪቢያን ባሕር ባለችው ኩራሳው ደሴት ተወለደ፣ አምስተርዳም ፊልም ተማረ፣ በ2018 እዚያው አረፈ። የፍሎረሰንት መብራት በፊልም ላይ አረንጓዴ ሲመጣ ሌላው ባለሙያ ይደነግጣል፣ ያስተካክለዋል። እሱ እንዳለ ተወው።

የመስታወቱን ትዕይንት ደግማችሁ እዩት። የፊልሙ ዋና ገጸ ባሕርይ ትራቪስ ጨለማ ክፍል ውስጥ ሆኖ የተለያትን ሚስቱን በመስታወቱ አሻግሮ ያያል፤ እሷ ግን አታየውም። በእሷ በኩል መስታወቱ የሚያሳየው የራሷን መልክ ብቻ ነው። መብራቷን እንድታጠፋ ይነግራታል፣ የጠረጴዛውን መብራት ወደ ራሱ ፊት ያዞራል። ያኔ ታየዋለች። አንድ ቦታ ላይ ደግሞ የእሱ ፊት በእሷ ፊት ላይ ይደረባል። በብርሃንና በመስታወት ብቻ!

ሙለር ከዳይሬክተር ጂም ጃርሙሽ ጋር «ዴድ ማን» የተባለውን ፊልም በጥቁርና ነጭ ቀረጸ። በዳይሬክተር ላርስ ፎን ትሪየር ሙዚቃዊ ፊልም «ዳንሰር ኢን ዘ ዳርክ» ላይ ደግሞ ለዘፈኖቹ መቶ ያህል ዲጂታል ካሜራዎች ተደረደሩ። ያንን ብርሃን ለቃሚ ሰው መቶ ካሜራ ምን ያደርግለታል? እኔ «ዴድ ማን»ን እመርጣለሁ።

በሚቀጥለው እትም ለእሱ ብቻ አንድ ገጽ ብትሰጡትስ? ፎቶ አይቸግራችሁም፤ በትርፍ ሰዓቱ ያነሳቸው ፖላሮይዶች (ወዲያው ታትመው የሚወጡ ፎቶዎች) ለኤግዚቢሽን በቅተዋል።

የዘወትር አንባቢያችሁ